ክሬፑ አይደለም ጥፋተኛው

ዛሬ ከወትሮው ረዘም ያለ ፅሁፍ ይዤ መጥቻለሁ። ቡናችሁን ቅዱና አንብቡት። ስንት ማንኪያ ስኳር እንዳደረጋችሁበት ግን ያዙልኝ፣ ወደ ታች እፈልገዋለሁ።

መጀመሪያ አንድ ጥፋቴን ልናገር። ይህን ገፅ በጀመርኩ ሰሞን፣ ገና ተመርቄ "ዶክተር" ሲሉኝ ወደ ኋላዬ ዞሬ በማይበት ጊዜ፣ ስለ ክሬፕና ፓንኬክ አንድ ፖስት ፅፌ ነበር። ርዕሱ ላይ "መርዝ" የሚል ቃል ነበረበት። "ሊጥ ሆድ ሲገባ ስኳር ነው፣ ስኳር ደግሞ ቀስ ብሎ ይገድላል፣ ዛሬውኑ አቁሙ" ምናምን ብዬ ለጠፍኩት። እስከዚያ ቀን ከለጠፍኳቸው ሁሉ በላይ ሼር ተደረገ። እኔም ደስ አለኝ። እውነቱን ለመናገር ያኔ ክሬፕ ቤት ገብቼም አላውቅም ነበር።

ከወራት በኋላ ለስራ ማሻ ሄድኩ። ማሻን ለማታውቁ፣ የሸካ ዞን ከተማ ናት፣ ከጎሬ ወደ ቴፒ በሚወስደው መንገድ ላይ። ዝናቡ አያልቅም። ጠዋት ጉም ነው፣ ከሰዓት ዝናብ ነው፣ በመሃል ፀሐይ ብቅ ካለች ልብስ ለማስጣት ሩጫ ነው። ዙሪያው ዩኔስኮ እ.ኤ.አ. በ2012 በባዮስፌር ሪዘርቭነት የመዘገበው የሸካ ደን ነው። ደኑ ውስጥ ረጃጅም ዛፎች ላይ ቀፎ ተሰቅሎ ታያላችሁ። ማሩ ደግሞ፣ በተለይ የጌተም አበባ ያፈራው ነጩ ማር፣ አንዴ ከቀመሳችሁት ሌላውን ማር "ይሄ ምንድነው?" ያሰኛችኋል። ክሬፕ ቤት የለም። ቁርስ ጨጨብሳ፣ ቆጮ፣ እንጀራ ፍርፍር፣ ሻይ በዳቦ ነው።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ በስልሳዎቹ ዕድሜ ያሉ እናት በባጃጅ መጡ። (ታሪካቸውን እንድፅፍ ፈቅደውልኛል። እንዳይታወቁ ጥቂት ነገር ቀይሬያለሁ።) ልብሳቸው በላብ ርሷል፣ እጃቸው ይንቀጠቀጣል፣ የሚናገሩት አይያያዝም፣ ልጃቸውን በሞተ ወንድማቸው ስም ይጠሩታል። አብረው የመጡት ጎረቤት "መንፈስ ነው" ይላሉ። ልጁ፣ ሃያ ዓመት ቢሆነው ነው፣ "የስኳር በሽተኛ ናት፣ ኢንሱሊን ትወጋለች" አለኝ። ጣታቸውን ወግተን ለካን፤ 34።

ለማታውቁት፣ ስኳር መድሃኒት በሚወስድ ሰው ደም ውስጥ መጠኑ ከ70 ሚሊግራም በዴሲሊትር ሲወርድ ነው አንሷል የምንለው። 34 ላይ አንጎል ነዳጅ እያለቀበት ነው። ግሉኮስ በደም ስር ሰጠናቸው። ይህን ነገር ያላየ ሰው አያምንም፣ መርፌው ሳያልቅ ዓይናቸው ጠራ፣ ዙሪያውን አዩ፣ ልጃቸውን በስሙ ጠሩት፣ ከዚያ ነጠላቸውን አስተካከሉ።

"እማማ፣ ዛሬ ምን በልተው ነበር?" አልኳቸው።

"ምንም።"

"ኢንሱሊኑንስ?"

"እሱንማ ጠዋት ተወግቻለሁ። መቼ አስቀርቼ አውቃለሁ?"

ለምን እንዳልበሉ ስጠይቅ ወደ ልጃቸው አዩ። ልጁ አንገቱን ደፋ። ነገሩ እንዲህ ነው። ልጁ ስልኩ ላይ አንድ ዶክተር የፃፈውን አንብቦላቸዋል። ክሬፕ የሚባል መርዝ ነው ይላል። እማማ "ክሬፕ ደግሞ ምንድነው?" ሲሉት "የፈረንጅ ቂጣ ነው፣ ከሊጥ ነው የሚሰራው" አላቸው። የፈረንጁ ቂጣ እንዲህ ካደረገ የኛውስ ብለው ቂጣውንም ቆጮውንም እንጀራውንም ተዉት። ሦስት ቀን በጎመንና በቡና ቆይተዋል። ኢንሱሊኑን ግን በሰዓቱ፣ በልኩ፣ እንደታዘዙት።

"የቱ ገፅ ነው?" አልኩት ልጁን። ስልኩን አወጣና አሳየኝ።

የኔው ነበር። አንድ የቴሌግራም ቻናል ስሜን ቆርጦ አስቀርቶ ለጥፎታል፣ ፅሁፉ ግን ቃል በቃል የኔ ነው። ልጁ አላወቀም። እኔም ያን ሰዓት አልነገርኩትም፣ አፍሬ። የነገርኳቸው ለክትትል ሲመለሱ ነው።

የባሰው ደግሞ ከዚያ በኋላ ነው የመጣው። እቤት ላብ ላብ ሲላቸውና ሲንቀጠቀጡ አንዲት ዘመድ ማር በማንኪያ ይዛ መጥታ ነበር። በማንኪያው ውስጥ የነበረው ማር በቂ ሊሆን ይችል ነበር። ጎረቤቶች ከለከሏት። "ስኳር ላለባት ሰው ማር ትሰጫለሽ? ልትገያት ነው?" አሏት። ይህን ሲያወሩልኝ ከማር አገር፣ ማር ከሞላበት ቤት፣ ሰው በስኳር ማነስ ሊሞት ነበር እያልኩ አሰብኩ።

ስለዚህ እዚህ ላይ ለአፍታ ቆሜ የዶክተር ስራዬን ልስራ። ቤታችሁ ውስጥ ኢንሱሊን ወይም እንደ ግሊቤንክላማይድ ያለ የስኳር ክኒን የሚወስድ ሰው ካለ ይህችን አንቀፅ ለቤተሰቡ አንብቡለት። በድንገት ላብ፣ መንቀጥቀጥ፣ ልብ መምታት፣ ከባድ ርሃብ፣ ግራ መጋባት፣ ያለ ፀባዩ መቆጣት ካያችሁ ስኳሩ ወርዶ ሊሆን ይችላል። መለኪያ ካለ ለኩ። ከሌለ ደግሞ መለኪያ ፍለጋ አትሂዱ። ሰውየው ነቅቶ መዋጥ የሚችል ከሆነ ሦስት ወይም አራት የሻይ ማንኪያ ስኳር በውሃ በጥብጣችሁ፣ ወይም አንድ የሾርባ ማንኪያ ማር፣ ወይም ግማሽ ጠርሙስ ለስላሳ ስጡት። ዳይት የሚባለውን ለስላሳ አይደለም፣ እሱ ስኳር የለውም። 15 ደቂቃ ጠብቁ፣ ካልተሻለው ድገሙት። ሲሻለው የሚያቆይ ምግብ ይብላ። ራሱን ከሳተ ወይም መዋጥ ካቃተው ግን አፉ ላይ ምንም አታፍስሱ፣ ወደ ሳንባው ይገባል፤ በጎኑ አስተኙትና በፍጥነት ወደ ጤና ተቋም ውሰዱት። "ስኳር አለበት፣ ጣፋጭ አይንካ" የሚለው ነገር በዚህች ሰዓት አይሰራም።

እሺ፣ ወደ ክሬፑ።

ከዚያ ቀን በኋላ የማላውቀውን ምግብ መርዝ ያልኩት ለምንድነው የሚለው ሲከነክነኝ ከረመ። ለእረፍት አዲስ አበባ ስገባ እህቴን "ክሬፕ ቤት ውሰጂኝ" አልኳት። ሳቀችብኝ። ቦሌ አንድ ቤት ገባን። በረንዳ ላይ፣ ጠባብ ጠረጴዛ፣ ከጎናችን ሁለት ልጆች ምግቡ እየቀዘቀዘ ከሦስት አቅጣጫ ፎቶ ያነሱታል። እህቴ ሙዝና ቸኮሌት ያለበትን አዘዘች፣ እኔ እንቁላል፣ ቺዝና ቆስጣ ያለበትን።

ልጁ ሲጋግር ተነስቼ አየሁት። ክብ የብረት ምጣድ፣ ከስር እሳት። ቀጭን ሊጥ መሃሉ ላይ አፈሰሰና በአንዲት ቲ ቅርፅ ባላት እንጨት አዙሮ አዙሮ አሰሳው። አንድ ደቂቃ አይሞላም፣ ገለበጠው። እናቴ ብታየው "ይሄማ ዓይን ያላወጣ እንጀራ ነው፣ አብሲቱን ረስተውታል" ትል ነበር።

ትንሽ አነበብኩ። ክሬፕ ከሰሜን ምዕራብ ፈረንሳይ፣ ብሪታኒ ከሚባል አካባቢ የመጣ የገበሬ ምግብ ነው። እዚያ ሁለት ዓይነት አለ። ጣፋጩ ከስንዴ ዱቄት፣ ከወተት፣ ከእንቁላልና ከቅቤ ይሰራል። ጨው ያለው ደግሞ ጋሌት ይባላል፣ ባክዊት ከሚባል ጥቁር ዱቄት ካለው እህል ነው የሚሰራው። ባክዊት በእንግሊዝኛ ስሙ ውስጥ "ስንዴ" የሚል ነገር ቢኖርበትም ስንዴ አይደለም፣ እንደኛ ጤፍ ግሉተን የለውም። ጨው ያለውን መጀመሪያ በልተው ጣፋጩን ለማሳረጊያ ያመጣሉ። በየዓመቱ ፌብሩዋሪ 2 ላይ ደግሞ በአንድ እጅ ሳንቲም ይዘው በሌላው ክሬፑን አየር ላይ ይገለብጣሉ፣ ሳይወድቅ ከተመለሰ ዓመቱ የብር ይሆናል ይላሉ። መርዝ ተብሎ የተፈረጀው ይሄ ነው እንግዲህ፣ የድሃ ገበሬ ቂጣ።

እኛስ ብትሉ? ፈጢራ ምንድነው ታዲያ? ስስ ተደርጎ የተዘረጋ ሊጥ፣ እንቁላል ተደርጎበት፣ ማር ፈሶበት። የሐረርና የድሬዳዋ ሰው ይህን ሲበላ አድጎ አሁን "ክሬፕ ልጋብዝህ" ሲሉት ምን እንደሚያስብ እንጃ። የሶማሌ ወገኖቻችን ላሆህ አለላችሁ፣ ጠዋት በሰሊጥ ዘይትና በስኳር ከሻይ ጋር፣ ምሳ ላይ ያው ላሆህ በወጥ። ጨጨብሳ በበርበሬና በቅቤ ጨው ያለው ነው፣ ማር ሲፈስበት ጣፋጭ። ሁለቱን በአንድ ሳህን የምንቀላቅለው እኛ ነን።

ስለ ቁጥሩ እናውራ። ምንም ያልተደረገበት መካከለኛ ክሬፕ ከ100 እስከ 150 ኪሎ ካሎሪ ገደማ ነው። በትልቁ ምጣድ የሚጋገረው ከዚህ ከፍ ይላል፣ ግን ለቁርስ የሚያስደነግጥ ነገር የለውም። ጉዳዩ ላዩ ላይ ነው። ሁለት የሾርባ ማንኪያ የቸኮሌት ቅባት ብቻውን 200 ኪሎ ካሎሪ ያህል ነው፣ ውስጡ 20 ግራም የሚሆን ስኳር አለ። አይስክሬም፣ ክሬም፣ ከላይ እንደገና የቸኮሌት ሽሮፕ ሲጨመር... ያው ታውቁታላችሁ። የኔው እንቁላልና ቆስጣ ያለበት ደግሞ ፕሮቲን አለው፣ አትክልት አለው፣ ሆድ ያቆያል። አንድ ቤት፣ አንድ ምጣድ፣ አንድ ሊጥ፣ ሁለት የተለያየ ምግብ። "ክሬፕ" ብሎ አንድ ላይ መኮነን "እንጀራ" ብሎ ሽሮና ክትፎን አንድ እንደማድረግ ነው።

አሁን ያዙልኝ ያልኩትን የስኳር ማንኪያ አምጡ።

የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2015 ባወጣው መመሪያ ለአንድ አዋቂ ሰው በቀን የሚጨመረው ስኳር ከ50 ግራም ገደማ እንዳይበልጥ፣ ከተቻለ ደግሞ ወደ 25 እንዲወርድ ይመክራል። አንድ የሻይ ማንኪያ ልሙጥ ተደርጎ 4 ግራም ነው። የኛ ሰው ግን መቼ ልሙጥ ያደርጋል? ይሁን። በቀን ሦስት ማኪያቶ ወይም ሻይ ብትጠጡ፣ እያንዳንዱ ላይ ሁለት ማንኪያ ብታደርጉ፣ 24 ግራም። ምሳ ላይ አንድ ጠርሙስ ለስላሳ፣ 30 ግራም ገደማ። ድምሩ 54። ጣፋጭ ነገር ሳትበሉ፣ ኬክ ሳታዩ፣ ክሬፕ ቤት ደጃፍ ሳትደርሱ ጣሪያውን አልፋችኋል። ይሄ ደግሞ በየቀኑ ነው። በሳምንት ወደ 380 ግራም ይጠጋል። በወር አንዴ ከእህቱ ጋር ቸኮሌት ያለበት ክሬፕ የበላውን ሰው በመርዝ ሳስፈራራ፣ በየቀኑ ስድስት ማንኪያ ስኳር የሚጠጣውን አንድም ቃል አልተናገርኩትም። ለምን? ስለ ቡና ስኳር የሚፃፍ ፖስት ሼር አይደረግም። አሳፋሪ ነው፣ ግን እውነቱ ይሄው ነው።

በነገራችን ላይ በደቡብ ምዕራብ የቡናውን ቅጠል በዝንጅብል፣ በነጭ ሽንኩርትና በሚያቃጥል ቅመም አፍልተው የሚጠጡት ጨሞ የሚባል ነገር አለ። ስኳር የለውም። መጀመሪያ ቀን ጉሮሮዬን አቃጥሎኝ አስለቀሰኝ፣ በሁለተኛው ወር ጠዋት ካላገኘሁት ይደብረኝ ጀመር።

አሁን ደግሞ የማሻ ወዳጆቼን የሚያስከፋ ነገር ልናገር ነው። ማር ስኳር ነው። አዎ፣ ነጩም። የተጣራውም፣ ሰፈፉ ያለበትም። ማሻ ላይ ቆሞ እንዲህ ማለት ጎንደር ሄዶ ጠላ አልወድም እንደማለት ነው፣ ግን ልበለው። አንድ የሾርባ ማንኪያ ማር ውስጥ 17 ግራም ያህል ስኳር አለ። የዓለም ጤና ድርጅትም ያንን 50 ግራም ሲቆጥር ማርን ይጨምራል። ብዙ የስኳር ታካሚዎቼ "ስኳር ትቻለሁ ዶክተር፣ ማር ብቻ ነው" ይሉኛል። ካፌ ውስጥም "ክሬፑ በማር ነው፣ ጤናማ ነው" ይባላል። ማሩ ጣዕሙ ልዩ ነው፣ የሚደግፈው ኑሮም ትልቅ ነው፣ ደኑ እንዳይቆረጥ ለገበሬው ምክንያት ይሰጠዋል። ከ1 ዓመት በላይ ለሆነ ልጅ ሳል ያስታግሳል። ደም ውስጥ ሲገባ ግን ግሉኮስና ፍሩክቶስ ነው።

የ1 ዓመቱን ነገር እንዲሁ አልፌው ልሄድ አልችልም። እህቴና እኔ በተቀመጥንበት በረንዳ ላይ አንዲት እናት ስድስት ወር የሚሆነው ልጅ ታቅፋ ነበር። አባትየው ከክሬፑ ላይ ማር በጣቱ ነክቶ "ይቅመስ እስቲ" ብሎ አፉ ላይ ሊያደርግለት ሲል ተነስቼ ሄድኩ። እህቴ እስከዛሬ ታሾፍብኛለች። ሰውየው ግን አመሰገነኝ። ዓመት ላልሞላው ህፃን ማር፣ በጣትም ቢሆን፣ ለመዳኒትነትም ቢሆን፣ ከምግብ ጋር ተጋግሮም ቢሆን አይሰጥም። ማር ውስጥ ክሎስትሪዲየም ቦቱሊነም የሚባል ባክቴሪያ ስፖር ሊኖር ይችላል፣ ቤት ውስጥ በማፍላት አይሞትም። የአዋቂ አንጀት ይቋቋመዋል፣ የህፃን አንጀት ግን ስፖሩ እንዲያድግና መርዝ እንዲያመነጭ ይፈቅድለታል። ሆድ ድርቀት፣ የደከመ ለቅሶ፣ ጡት መሳብ አለመቻል፣ ሰውነት መላላት፣ ከዚያ መተንፈስ ሊያቅተው ይችላል። ብዙ ጊዜ የሚያጋጥም ነገር አይደለም፣ ከተከሰተ ግን ከባድ ነው፣ መከላከያው ደግሞ ምንም ወጪ የለውም። አያቶች ቢቆጡም "ዶክተር ከልክሏል" በሉ፣ ጥፋቱን በኔ ላይ አድርጉት፣ ለምጄዋለሁ።

ይህ ሁሉ ማለት እንግዲህ ክሬፕ ቤት ሄዳችሁ እንደልባችሁ ብሉ ማለት ነው? ኧረ አይደለም። የምታደርጉትን አውቃችሁ ግቡ ነው የምለው። እኔ አሁን ስሄድ ጨው ያለውን ለራሴ አዛለሁ፣ ጣፋጩን አንድ አዝዘን ለሦስት እንካፈላለን። ከጣፋጩ ጋር ለስላሳ ወይም ስኳር ያለው ጁስ አልጠጣም፣ ውሃ ወይም መራራ ቡና ይበቃል። መጀመሪያው ጉርሻ ላይ ያለው ደስታ አስረኛው ላይ እንደሌለ ደግሞ ለራሳችሁ ታዘቡ። ቺዝና የታሸገ ስጋ የሚበዛበት ክሬፕ ጨው ስለሚበዛበት ደም ግፊት ያለባችሁ ቀለል ያለውን ምረጡ። ስንዴ የማይስማማችሁ፣ በተለይ ሲሊያክ ያለባችሁ፣ "ከጤፍ ነው" ቢሏችሁም ስንዴ ተቀላቅሎበት እንደሆነ ጠይቁ፣ ብዙ ቦታ እንዲያያዝ ብለው ይቀላቅሉታል። ለውዝ የሚያስቆጣችሁ ቸኮሌት ቅባቱ ውስጥ ለውዝ እንዳለ እወቁ። የፆም የሚባለው ያለ እንቁላልና ያለ ወተት የሚሰራው ደግሞ የፆም ስለሆነ ብቻ ስኳሩ አይቀንስም።

አንድ ነገር ደግሞ ብዙ ሰው አያየውም፦ የሊጡን ባልዲ። ክሬፕ ሊጥ ውስጥ ጥሬ እንቁላልና ወተት አለ። ከጠዋት ጀምሮ ክዳን ሳይኖረው ምጣዱ ጎን ሙቀት ላይ ከዋለ፣ ዝንብ ከዞረበት፣ ያው ጥሬ እንቁላል የነካ ማንኪያ ተመልሶ ፍራፍሬው ላይ ከገባ፣ ታይፎይድ ነው ብላችሁ የምትመጡት ሆድ ህመም ምንጩ እዚያ ሊሆን ይችላል። ሊጡ ከፍሪጅ በትንሽ በትንሹ የሚወጣበት ቤት ካያችሁ እሱን ያዙት። እኔ ከሜኑው በፊት ባልዲውን ነው የማየው። እህቴ ለዚህም ታሾፍብኛለች።

ስኳር ህመም ያለባችሁ ደግሞ፣ የኔ ፖስት ካስፈራቸው ሰዎች አንዱ ከሆናችሁ፣ ይቅርታ። ክሬፕም ሆነ ፈጢራ ወይም ጨጨብሳ ልትበሉ ትችላላችሁ፤ መጠኑ ነው ነገሩ፣ አብሮት የሚበላው ነው ነገሩ። እንቁላል፣ አይብ፣ ጎመን ያለበትን ምረጡ። ከተቻለ ከመብላታችሁ በፊትና ከሁለት ሰዓት በኋላ ለኩ፣ ሰውነታችሁ ራሱ ይነግራችኋል። ጣፋጭ ያልሆነ ነገር ሁሉ ስኳር አይጨምርም የሚለው ግን ስህተት ነው። ቡላ ጣፋጭ አይደለም፣ ግን ንፁህ ስታርች ነው ለማለት ይቻላል። ነጭ ዳቦም እንዲሁ። እነዚህን ጭራሽ መተው ሳይሆን ልክ ማበጀት ነው። ከሁሉ በላይ ደግሞ መድሃኒት ወስዶ ምግብ መዝለል ክልክል ነው። ምግባችሁን መቀነስ ከፈለጋችሁ መድሃኒቱም አብሮ መስተካከል አለበት፣ ያን ደግሞ ከሚከታተላችሁ ባለሙያ ጋር ነው የምትወስኑት፣ ከቴሌግራም ቻናል ጋር አይደለም። ከኔ ገፅ ጋርም አይደለም።

አንዳንድ የሙያ ጓደኞቼ "ሰው ካልፈራ አይሰማም" ይሉኛል። እኔም እንደዚያ አስብ ነበር። ያየሁት ግን ሌላ ነው። የፈራ ሰው መተው ያለበትን አይተውም፣ በእጁ ያገኘውን ነው የሚተው። የቦሌው ልጅ ፖስቱን አንብቦ ስቆ ክሬፑን በላ። የማሻዋ እናት ክሬፕ አይተው አያውቁም፣ ቆጯቸውን ተዉ። የፃፍኩት ለእሱ ነበር፣ የደረሰው ለእሳቸው ነው።

ያን ፖስት አጥፍቼዋለሁ። ኮፒው ግን አሁንም ይዞራል። ከደረሳችሁ ይህን ላኩላቸው።

እማማ በወሩ ለክትትል መጡ። ስኳራቸው ደህና ነበር፣ በየምግብ ሰዓቱ እየበሉ ነው፣ ልጁ ማታ ማታ መዝገብ ላይ ይፅፍላቸዋል። ያን ጊዜ ነው "ፅሁፉን የፃፍኩት እኔ ነኝ" ያልኳቸው። ዝም ብለው አዩኝ። ልጁ መሬት መሬት ያያል። ከዚያ "አንተው መርዘህ አንተው ፈወስከኝ በለኛ" አሉና ሳቁ። እኔ ግን አልሳቅኩም።

በሚቀጥለው ቀጠሮ በኮባ ቅጠል የተጠቀለለ ነገር ይዘው መጡ። ቡላ ነው፣ በውሃ በጥብጠው ምጣድ ላይ ስስ አድርገው የጋገሩት፣ ውስጡ አይብና ጎመን፣ ለኔ ለብቻው ደግሞ ማር የተደረገበት አንድ። ነጭ፣ ለስላሳ፣ ጠርዙ ትንሽ ጠቆር ያለ። ስልኬን አውጥቼ ቦሌ የተነሳሁትን የክሬፑን ፎቶ አሳየኋቸው። አተኩረው አዩት፣ ለልጃቸውም ሰጡት።

"ስንት ነው አዲስ አበባ እሱ?" አሉኝ።

ነገርኳቸው።

"ለዚህ?" አሉ፣ እጃቸውን አፋቸው ላይ አድርገው። ከዚያ ሳህኑን ወደኔ ገፋ አደረጉት። "በል ብላ፣ ሳይቀዘቅዝ።"